ጀርባቸውን ለፊልሙ የሰጡ ሙዚቀኞች

ሎስ አንጀለስ ውስጥ የፊልም ሙዚቃ የሚቀረጽበትን ቤት ከውጭ ያየ ሰው የእህል መጋዘን ነው ብሎ ያልፈዋል። መስኮት የለው፣ ታፔላ የለው፤ ግድግዳው ግራጫ፣ በሩ ወፍራም ብረት። ሆሊዉድ ሲባል እየሰማሁ ያደግሁት የሚያብረቀርቅ ነገር ስለሆነ፣ ቀይ ምንጣፍ ባይነጠፍልኝ እንኳ አንድ የአበባ ማስቀመጫ አይጠፋም ብዬ ነበር። የጠበቀኝ ሰፊ የመኪና ማቆሚያና አንድ ግዙፍ ዘበኛ ነው። እሱም ቢሆን እንደኛ አገር ዘበኛ «ማንን ነው? ከየት ነው?» ብሎ ወግ አይጀምርም። ስሜን ከወረቀቱ ላይ አየ፣ ደረቴ ላይ የምለጥፈው ነገር ሰጠኝ፣ አለቀ።

ያስገባችኝ የአክስቴ ልጅ ናት። እዚህ መጥታ የያዘችው ሥራ ኖታ ማዘጋጀት ነው፤ ደራሲው ከጻፈው ሙዚቃ ለቫዮሊኑ የቫዮሊኑን፣ ለትራምፔቱ የትራምፔቱን ለይታ ታወጣለች፣ ታትማለች፣ ጠዋት ጠዋት በየመቆሚያው ላይ ታስቀምጣለች። እናቷ አዲስ አበባ ላይ «ልጄ የቢሮ ሥራ ይዛለች» ነው የምትለው፤ ነገሩን ለጎረቤት ማስረዳት ሰልችቷት። ልጅቷ በሩ ላይ አስቆመችኝና፣ «ጋሼ፣ ቁልፍህን፣ ሳንቲምህን፣ ስልክህን፣ ሁሉንም እዚህ አስቀምጥ» አለችኝ።

«ይፈትሹናል እንዴ?»

«የሚፈትሽህ የለም። ማይክሮፎኑ ግን ሁሉን ይሰማል።»

ጫማዬንም አየት አደረገችው። ተረከዙ ቋ ቋ የሚል ነው። ምንም አላለችኝም፤ ብቻ ጥግ ካለ ለስላሳ ወንበር ላይ አስቀምጣኝ እስከ ዕረፍት ድረስ እንዳልነሳ አስማለችኝ።

ውስጡ ሌላ ዓለም ነው። ጣሪያው ሩቅ፣ ወለሉ እንጨት፣ ከላይ የተንጠለጠለው ማይክሮፎን ብዛቱ ለጉድ። በከተማዋና በዙሪያዋ ስመ ጥር የሚባሉት ትልልቅ አዳራሾች ሦስት ናቸው። አንዱ ከልቨር ሲቲ በሶኒ ግቢ ያለው፣ ዱሮ የኤም ጂ ኤም የነበረውና ዛሬ በዘፋኟ በባርብራ ስትራይሳንድ ስም የሚጠራው ነው፤ የ1939ኙ «ዘ ዊዛርድ ኦፍ ኦዝ» ሙዚቃ የተቀረጸው እዚያ ነው። ሁለተኛው በፎክስ ግቢ በደራሲው በአልፍሬድ ኒውማን ስም፣ ሦስተኛው በርባንክ ውስጥ በዋርነር ግቢ በክሊንት ኢስትዉድ ስም የተሰየሙ ናቸው። (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፍላችሁ፤ የእኛን ስጠቅስ እነግራችኋለሁ።) እኔ የገባሁበት ከነዚህ የሚያንስ ነው፤ ቢሆንም ለእኔ በቂ ነበር።

ኦርኬስትራ ሲባል እኔ ዓይኔ ላይ ድቅን የሚልብኝ ብሔራዊ ቴአትር ነው፤ ጥቁር ሱፍ፣ ነጭ ሸሚዝ፣ በሥርዓት የታሰረ ከረባት። እዚህ ፊት ለፊት የተቀመጠችው ቫዮሊን ተጫዋች ነጠላ ጫማ አድርጋለች። ትልቁን ኮንትራባስ የያዘው ሽማግሌ ቁምጣ ለብሷል። በእኛ ዓይን ሲታዩ ሙዚቃ ሊጫወቱ ሳይሆን ሶደሬ ሊወርዱ የተሰበሰቡ ናቸው። ለነገሩ ማን ያያቸዋል?

ዋናው ግርምት ግን ልብሱ አይደለም። ፊልሙ የሚታይበት ስክሪን ከሙዚቀኞቹ ኋላ ነው የተሰቀለው! መሪው ያየዋል፤ እነሱ ጀርባቸውን ሰጥተውታል። ስክሪኑ ላይ አንዲት ሴት ደብዳቤ ከፍታ ታለቅሳለች፤ ሃምሳ ስድሳ ሰው ለእሷ ልብ የሚበላ ዜማ ይጫወታል፤ አንዳቸውም አያይዋት።

በዕረፍት ሰዓት «ታዲያ ምኑን እንደሚያጅቡ በምን ያውቃሉ?» አልኳት።

«አያውቁም። እሱን የሚያውቀው የጻፈው ሰው ነው። የነሱ ሥራ ወረቀቱ ላይ ያለውን መጫወት ነው።»

ወረቀቱንም ያዩት ያን ዕለት ጠዋት ነው። ልምምድ የለም። መሪው እጁን ያነሳል፣ ቀይ መብራት ይበራል፣ ቀረጻው ይጀመራል። ጨርሶ የማያውቁትን ሙዚቃ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲጫወቱት እኔ ስህተት ፍለጋ ጆሮዬን አቀናሁ፤ አላገኘሁም። እኛ ዘንድ አንድ ባንድ ለአንድ ሠርግ እንኳ ሳምንት ይለማመዳል። የቤተ ክርስቲያን ዜማማ የዓመታት ጉዳይ ነው፤ ምልክቱ በመጽሐፍ ቢኖርም መሪጌታው የሚተማመነው በቃሉ በያዘው ነው። እዚህ በቃል መያዝ ምንም አያስፈልግም፤ የዛሬውን ዜማ ነገ ማንም አይጠይቃቸውም።

ሁሉም በአንድ ጆሯቸው ብቻ ማዳመጫ ሰክተዋል። የአክስቴ ልጅ አንዱን አንስታ ሰጠችኝ። ደስ የሚል ነገር እሰማለሁ ብዬ ስጠባበቅ ቲክ፣ ቲክ፣ ቲክ ብቻ! ክሊክ ይሉታል፤ የሙዚቃውን ፍጥነት ከሥዕሉ ጋር አንድ የሚያደርግ የሰዓት ዓይነት ምት ነው። ፊልም በሰከንድ 24 ሥዕል ስለሚያሳይ ደራሲው ለምሳሌ በፊልሙ ውስጥ በር የሚዘጋበትን ቅጽበት ቀድሞ ያሰላል፤ ምቱን የተከተለ ሙዚቀኛ ሳያይ በሩ ላይ ይደርሳል። ኮምፒዩተር ሳይመጣ በፊት ደግሞ ፊልሙን ራሱን በሰያፍ ይፍቁት ነበር አሉ፤ ሲታይ አንድ መስመር ስክሪኑን ከግራ ወደ ቀኝ ያቋርጣል፣ ቀጥሎ በተበሳው ቀዳዳ ብርሃን ብልጭ ይላል፣ ያኔ መሪው እጁን ይጥላል። ደራሲው ማክስ ስታይነር በ1933 ለ«ኪንግ ኮንግ» ሙሉ የኦርኬስትራ ማጀቢያ ከጻፈ ወዲህ ይህ ሁሉ ጥበብ የተጠራቀመው ለዚያች ለአንዲት ቅጽበት ነው። ይህን ሳይ አዝማሪዎቻችን ትዝ አሉኝ። አዝማሪ ቤቱ ሲሞቅለት ማሲንቆውን ያፈጥናል፣ እንግዳ ሲገባ ግጥሙን ወደ እንግዳው ያዞራል። እዚህ ሞቅ አለኝ ብሎ መፍጠን የለም። ፍጥነቱ የሥዕሉ ነው።

የኖታው ወረቀትም ራሱን የቻለ ጉድ ነው። ሦስት አራት ገጽ ጎን ለጎን በፕላስተር ተያይዞ ተዘርግቷል፤ ገጽ ሲገለጥ የሚሰማው ኮሽታ ቀረጻው ውስጥ እንዳይገባ ነው። ከየምቱ ክፍል ሥር ቁጥር አለ፤ መሪው «ከ34 ጀምሩ» ሲል ማንም ጎረቤቱን አይጠይቅም። ራስጌው ላይ «3ኤም2» ተጽፏል። ሦስቱ የፊልሙ ሦስተኛ ጥቅል ማለት ነው፣ «ኤም» ሙዚቃ፣ ሁለቱ በዚያ ጥቅል ውስጥ ሁለተኛው ኪው። ኪው የሚሉት በፊልሙ ውስጥ ጀምሮ የሚያበቃውን እያንዳንዱን የሙዚቃ ቁራጭ ነው። ፊልም በጥቅል መመላለሱ ቀርቶ ሁሉም ነገር ኮምፒዩተር ውስጥ ገብቷል፤ አጠራሩ ግን አልተቀየረም። ፈረንጅም ወጉን አይተውም ለካ!

ዕረፍቱ በሰዓት ነው። ሙዚቀኞቹ የሠራተኛ ማኅበር አላቸው፤ አንድ ጥሪ ቢያንስ ሦስት ሰዓት ነው፣ በየሰዓቱ አሥር ደቂቃ ያርፋሉ። ደቂቃዋ ስትደርስ ያ ሁሉ ሰው ቀስቱን ያስቀምጥና ይወጣል። ቡናው የሚቀዳው ከማሽን ነው፤ ብርጭቆው ወረቀት፣ መጠኑ ሊትር የሚያህል። ሁሉም የየራሱን ይዞ ስልኩ ላይ ያቀረቅራል። «ቡና ጠጡ» የሚል የለም፤ ሁለተኛና ሦስተኛማ አይታሰብም። እኔም ያንን ሁሉ ቡና ታቅፌ ሰው በሰው ላይ ተሰብስቦ የሚያማበትን የእናቴን በረንዳ ናፈቅሁ።

«ደራሲው የታለ?» አልኩ በመጨረሻ። በመስታወቱ በኩል አሳየችኝ። ከዳይሬክተሩ ጎን የተቀመጠ፣ ፀጉሩ የተንጨባረረ፣ ዓይኑ እንቅልፍ ያጣ ሰው ነው። እንደ ጆን ዊሊያምስ ያሉት ደራሲዎች ኦርኬስትራውን ራሳቸው ይመራሉ። ሌሎች ደግሞ ዱላውን ለሌላ ሰጥተው ከዳይሬክተሩ አጠገብ መሆንን ይመርጣሉ፤ እሱ ፊቱን ሲያጨማድድ ወዲያው እንዲያዩት።

የዚህ ሰው ሥራ የተጀመረው ከዚህ አዳራሽ ብዙ ሳምንት ቀደም ብሎ፣ ሙዚቃ የሌለውን ፊልም ከዳይሬክተሩ ጋር በማየት ነው። ስፖቲንግ ይሉታል፤ ሙዚቃ የት እንደሚገባና የት እንደሚወጣ፣ ከሁሉ በላይ የት ጨርሶ እንደማይገባ የሚወሰንበት ስብሰባ ነው። ዜማ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። እኔ የፊልም ሙዚቃ ደራሲ ሲባል ፒያኖ ሥር ተቀምጦ ተመስጦ የሚጠባበቅ ሰው ነበር የሚመስለኝ፤ ለካ ሥራው ግማሹ ክርክር ነው።

ክርክሩ ደግሞ ከባዶ አይጀምርም። ፊልሙ ሲቆራረጥና ሲቀጣጠል ለጊዜው ከሌላ ቦታ የተወሰደ ሙዚቃ ይደረግበታል፤ ቴምፕ ይባላል፣ ጊዜያዊ ማጀቢያ ማለት ነው። ዳይሬክተሩ ወራት ሙሉ ሲሰማው ይቆይና ይወደዋል፤ ከዚያ ደራሲውን «እንደሱ አድርገህ፣ ግን እሱን ሳይሆን» ይለዋል። ከዚህ የባሰም አለ። ዳይሬክተሩ ስታንሊ ኩብሪክ ለ1968ቱ «2001፡ ኤ ስፔስ ኦዲሲ» ሙዚቃ ያስጻፈው አሌክስ ኖርዝ የተባለውን አንጋፋ ደራሲ ነው። ኖርዝ ጻፈ፣ አስቀረጸ። ኒው ዮርክ ላይ ፊልሙ ሲመረቅ ሄዶ ቢያይ ከጻፈው አንድ ድምፅ የለም፤ ኩብሪክ ጊዜያዊዎቹን የስትራውስና የሊጌቲን ሥራዎች እንዳሉ ትቷቸዋል። አንድ ቃል እንኳ አልተነገረውም! እኛ ዘንድ ቢሆን ቢያንስ ሽማግሌ ይላክበት ነበር። ለ1974ቱ «ቻይናታውን» ደግሞ የተጻፈው ሙዚቃ ተጥሎ ጄሪ ጎልድስሚዝ ተጠራ፤ በአሥር ቀን ገደማ የጻፈው ማጀቢያ ዛሬም እንደ ምሳሌ ይጠቀሳል።

ሙያው ምን ላይ እንደሆነ የገባኝ ግን በ1975ቱ «ጆውስ» ነው። ስለ ሻርክ የሚያወራው ፊልም ነው፤ እኛም በቪዲዮ ቤት ዘመን ተሻምተን ያየነው። ዊሊያምስ ሁለት ድምፅ ብቻ እየደጋገመ በፒያኖ ሲያሰማው ዳይሬክተሩ ስቲቨን ስፒልበርግ ቀልድ መስሎት ሳቀ ይባላል። ለቀረጻ የተሠራው የማሽን ሻርክ እየተበላሸ አላሠራ ስላላቸው፣ በብዙው ቦታ ሻርኩ ራሱ አይታይም፤ መምጣቱን የሚነግሩን እነዚያ ሁለት ድምፆች ናቸው። የአክስቴ ልጅ ግን ሌላ ነገር አስተዋለችልኝ። ሁለት ሕፃናት የካርቶን ክንፍ ውኃ ላይ ተክለው ሰውን የሚያስደነግጡበት ትዕይንት አለ። ባሕር ዳርቻው ይተራመሳል፤ ሁለቱ ድምፆች ግን አይሰሙም። ሻርኩ የለማ! ሰዉ ሁሉ ሲሳሳት ሙዚቃው ብቻ አልዋሸም። ከዚያ ወዲያ ያ ዜማ ሲሰማ ተመልካች አምኖት ይሸማቀቃል።

የዳይሬክተሩ የአልፍሬድ ሂችኮክና የደራሲው የበርናርድ ኸርማን ነገርም ከዚሁ ይገጥማል። በ1960ው «ሳይኮ» ሂችኮክ የገላ መታጠቢያ ቤቱ ግድያ ያለ ሙዚቃ ይሁን ብሎ ነበር። ኸርማን እምቢ ብሎ በባለ ክር መሣሪያዎች ብቻ ያንን የሚጮህ ነገር ጻፈ፤ ሂችኮክ ሰምቶ ሐሳቡን ቀየረ። ከሦስት ዓመት በኋላ «ዘ በርድስ» ሲሠራ ግን ማጀቢያ የሚባል አልተጻፈለትም፤ በኤሌክትሮኒክ መሣሪያ የተሠራ የወፍ ድምፅ ብቻ። የድምፁ አማካሪ ማን ቢሆን ጥሩ ነው? ኸርማን ራሱ! ለአንዱ ፊልም ሙዚቃ ይግባ ብሎ የተሟገተ ሰው፣ ለሌላው ዝምታን ሲያግዝ አልከበደውም።

ቴሌቪዥኑ ጋ ስትመጡ ጉዳዩ ጥድፊያ ነው። «ዘ ሲምፕሰንስ» ለተባለው የካርቱን ድራማ አልፍ ክላውሰን ከ1990 እስከ 2017 ድረስ በ35 ሙዚቀኛ ኦርኬስትራ ሲጽፍ ኖሯል። ዛሬ ይህ ቅንጦት ነው። አብዛኛው የቴሌቪዥን ደራሲ ብቻውን፣ ቤቱ ውስጥ ነው የሚሠራው። አንዱ ዘንድ ሄጄ አይቻለሁ፤ የመኪና ጋራዡን ስቱዲዮ አድርጎታል። ሁለት ስክሪን፣ አንድ ኪቦርድ፣ ጥግ ላይ የተኛ ውሻ። ኪቦርዱን ሲነካ ቫዮሊን ይወጣል፤ ሌላ ሲነካ ከበሮ። ቫዮሊኑ ብቻ በስንት ዓይነት አጨዋወት ተቀርጾ ተቀምጧል! «ማሲንቆስ አለህ?» አልኩት። ፈለገ፤ የቱርክ አወጣ፣ የቻይና አወጣ። የእኛ የለም። ሰውየው ይቅርታ ጠየቀኝ፤ እኔ ግን ውሻውን እየዳበስኩ ትንሽ አኮረፍኩ።

በጥድፊያውም ውስጥ ግን ረጅም ትዕግሥት አለ። «ጌም ኦፍ ትሮንስ» በተባለው ተከታታይ ድራማ ደራሲው ራሚን ጃዋዲ አምስት ምዕራፍ ሙሉ ፒያኖ አላስነካም። በ2016 በስድስተኛው ምዕራፍ መጨረሻ፣ ትልቁ ጥፋት ሊደርስ ሲል፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ፒያኖ ተሰማ። ተመልካቹ ለምን እንደሆነ ሳያውቅ አንድ ነገር ሊመጣ ነው ብሎ ተቁነጠነጠ።

ስለ ገንዘቡም ጠይቄ ነበር፤ አበሻ መቼም ደሞዝ ሳይጠይቅ አይመለስም። ነገሩ የተገለባበጠ ነው። ቁምጣ የለበሰው ኮንትራባስ ተጫዋች ማኅበር አለው፤ ሙዚቃውን የጻፈው ሰው ግን በአሜሪካ የሠራተኛ ማኅበር የለውም። ብዙ ጊዜ አንድ ጥቅል ክፍያ ይሰጠውና ሙዚቀኛውንም ስቱዲዮውንም ከዚያው ይከፍላል። የሙዚቃው ባለቤትም አብዛኛውን ጊዜ እሱ ሳይሆን ፊልሙን ያሠራው ኩባንያ ነው። ታዲያ በምን ይኖራል? ኪው ሺት በምትባል ሠንጠረዥ ነው። የትኛው ሙዚቃ፣ ስንት ደቂቃ ከስንት ሰከንድ፣ የማን እንደሆነ ተዘርዝሮ ይመዘገብባታል፤ ሥራው በቴሌቪዥን በታየ ቁጥር ደራሲው ድርሻውን ያገኛል። የአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች ለዚህ አይከፍሉም፤ የአውሮፓዎቹ ይከፍላሉ። ሰውየው ቁርሱን የሚያገኘው ከዚያች ደረቅ ሠንጠረዥ ነው።

ማታ ፌርፋክስ ጎዳና ወሰደችኝ። ከተማዋ በ2002 ትንሿ ኢትዮጵያ ብላ የሰየመችው ሠፈር ነው፤ በአንድ ምሽት ቢያንስ ሦስት ሰው «ከአዲስ አበባ ነህ? የት ሠፈር?» ይላችኋል። እንጀራው ሲቀርብ የጠዋቱን ቡና ይቅር አልኩት። ከጎናችን የነበሩት ሰዎች የፊልም ሙዚቃ ወሬያችንን ሰምተው ገቡበት፤ አንዱ የሙላቱ አስታጥቄን፣ አንዷ የእማሆይ ጽጌማርያም ገብሩን ስም አነሱ። እውነት ነው። ዳይሬክተሩ ጂም ጃርሙሽ በ2005ቱ «ብሮክን ፍላወርስ» የሙላቱን ሙዚቃ አስገብቷል፤ በታሪኩ ውስጥ ራሱ ሲዲውን ገልብጦ ለዋናው ገጸ ባሕርይ የሚሰጠው ኢትዮጵያዊ ጎረቤቱ ነው። የእማሆይ ፒያኖም በ2021ዱ «ፓሲንግ» ውስጥ ይሰማል። ግን ሁለቱም ከአሥርታት በፊት ለራሳቸው የተሠሩ፣ ፊልሙ ኋላ መጥቶ የወሰዳቸው ናቸው። ለሥዕሉ ተብሎ መጻፍ ሌላ ሙያ ነው፤ የኃይሌ ገሪማን «ጤዛ» ከቪጃይ አየር ጋር ሆኖ ያጀበው ጆርጋ መስፍን ይህን ሙያ እኛም እንደምንችለው አሳይቷል።

የቀረው ለአገሬ ፊልም ሠሪዎች ነው። ብዙዎቹ ፊልሞቻችን ላይ ሙዚቃው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አያርፍም፤ ተዋናይቱ ስታለቅስ ኪቦርዱ አብሯት ያለቅሳል፣ ንግግሯም ሳይሰማ ይቀራል። ጥፋቱ የሙዚቀኛው አይደለም፤ የሚጠራው ፊልሙ ሊመረቅ ሲል፣ ገንዘቡ ካለቀ በኋላ ነው። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 (ይህ በእኛ አቆጣጠር ነው) ከወጣ ቆይቷል፤ የሕግ ችግር የለብንም። እባካችሁ የማጀቢያውን ደራሲ ቀድማችሁ ጥሩት፤ ፊልሙን አብራችሁ ተቀምጣችሁ እዩና መጀመሪያ ሙዚቃ የማይገባባቸውን ቦታዎች ወስኑ። የጻፈውንም በደቂቃና በሰከንድ መዝግባችሁ፣ ውሉን በወረቀት አድርጋችሁ ክፈሉት።